ሙያ እንዴት ይጀመራል?

ማንም ሰው ሙያ ይዞ ከእናቱ ማሕፀን አልወጣም። ሸማኔው መወርወሪያውን፣ ጸሓፊው ብዕሩን፣ ባለሙያዋ ሴት አክንባሎዋን መያዝ የተማሩት ከተወለዱ በኋላ ነው። ይሁን እንጂ አንድ አዲስ ነገር ለመማር በታላቅ ጉጉት ተነሥተው በሳምንቱ የሚተዉት ብዙዎች ናቸው። ለምን እንደ ተዉት ሲጠየቁም ‹‹ለእኔ አልተፈጠረም›› ይላሉ። የዚህ ጽሑፍ አሳብ ግን እንዲህ ዓይነቱ ሰው ብዙውን ጊዜ የጎደለው የአጀማመር ሥርዓት ነው የሚል ነው። ይህንንም በሦስት ሙያዎች፣ ማለት በእንግሊዝኛ ቋንቋ፣ በኮምፒዩተር ፕሮግራምና በወጥ ቤት ሥራ እያመሳከርን እናያለን።

ጉዳዩ ለሸዋ ሮቢትና ለይፋት ቆላ ተማሪ የዋዛ ጉዳይ አይደለም። የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ከወሰዱት የአገራችን ተማሪዎች መካከል 50 ከመቶና ከዚያ በላይ ያገኙት በ2014 ዓ.ም. 3.3 ከመቶ፣ በ2015 ዓ.ም. 3.2 ከመቶ፣ በ2016 ዓ.ም. ደግሞ 5.4 ከመቶ ብቻ ነበሩ። እንግዲህ በነዚያ ዓመታት ከ100 ተማሪዎች ውስጥ ከ94 የሚበልጡት በቀጥታ ወደ ዩኒቨርሲቲ የሚያስገባውን ውጤት አላገኙም ማለት ነው። በዚህ ላይ የአካባቢያችን ትምህርት በጦርነትና በጸጥታ መታጣት ምክንያት ብዙ ጊዜ ተቋርጧል፤ ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ጀምሮም በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት ለብዙ ወራት ጠፍቶ ነበር። እንዲህ ባለ ዘመን የሚጠቀመው ማነው? መብራት ቢጠፋ፣ መረቡ ቢቋረጥ፣ የፈተናው ውጤት ቢያሳዝነው እንኳ አንድ ሙያ ከመጀመሪያው ፊደል አንሥቶ በራሱ መማር የሚያውቅ ተማሪ ነው።

የቀድሞ ትምህርት ቤቶቻችን ሥርዓት

የአጀማመርን ሥርዓት ለማወቅ ሩቅ አገር መሄድ አያስፈልግም። በይፋት ምድር ቁርአን ቤትና የቄስ ትምህርት ቤት ለብዙ ዘመን ጎን ለጎን ኖረዋል። ቁርአን የሚቀራ ልጅ ትምህርቱን የሚቀበለው ሉህ በሚባል የእንጨት ሰሌዳ ላይ ነው። የዕለቱ ክፍል ከጥላሸት በተሠራ ቀለም ይጻፍበታል። ልጁም ድምፁን ከፍ አድርጎ ደጋግሞ ይቀራዋል፤ ከመምህሩ ፊት ቀርቦም ሳያይ ይወጣዋል፤ መምህሩ የሳተውን ያርመዋል። ከዚያ በኋላ ሰሌዳው በውኃ ይታጠብና አዲስ ክፍል ይጻፍበታል። ትምህርቱን ያልያዘ ልጅ ሉሁን አያጥብም።

የቄስ ተማሪውም እንዲሁ ነው። ፊደል ቆጥሮ፣ አቡጊዳ ለይቶ ወደ ንባብ ሲገባ በአንድ ጊዜ ዳዊት አይሰጠውም። በመጀመሪያ እያንዳንዱን ፊደል በእንጨት እየነካ በቁጥር ያነባል፤ ቀጥሎ በግዕዝ ንባብ፣ ከዚያም በውርድ ንባብ፣ በመጨረሻ በቁም ንባብ ያነባል። ሸማኔ ቤትም ብትገቡ ሕጉ ይኸው ነው፤ ልጁ ክር ማጠንጠን ሳይለምድ ድርና ማግ ወዳለበት ጉድጓድ አይወርድም።

በዛሬው ዘመን ያሉ ሊቃውንትም ይህንኑ ሥርዓት መርምረው ደርሰውበታል። ኤቢንግሃውስ የተባለው ጀርመናዊ በ1885 እ.ኤ.አ. ባወጣው መጽሐፍ፣ ትርጉም የሌላቸውን ቃላት ራሱ እያጠና፣ ሰው የተማረውን ከሁሉ ይልቅ የሚረሳው በመጀመሪያዎቹ ሰዓቶችና ቀኖች ውስጥ መሆኑን አሳየ፤ ደግሞም በአንድ ቀን ተጨናንቆ ከማጥናት በተለያዩ ቀኖች ከፋፍሎ መደጋገም የበለጠ እንደሚጸና ገለጠ። በ2006 እ.ኤ.አ. ደግሞ ሮዲገርና ካርፒኪ የተባሉት አሜሪካውያን ተመራማሪዎች ተማሪዎችን ከፋፍለው አንድ ጽሑፍ ሰጧቸው። አንደኛው ክፍል በ4 የጥናት ጊዜ ሁሉ አነበበ፤ ሌላው በ1 ጊዜ ብቻ አንብቦ በቀሩት 3 ጊዜያት ጽሑፉን ሳያይ የሚያስታውሰውን ጻፈ። ከ5 ደቂቃ በኋላ ሲጠየቁ ደጋግመው ያነበቡት በለጡ። ከአንድ ሳምንት በኋላ ሲጠየቁ ግን አንባቢዎቹ 40 ከመቶ፣ ራሳቸውን የፈተኑት 61 ከመቶ ያህል አስታወሱ። ሉህ ይዞ ከመምህሩ ፊት ሳያይ የሚወጣው ልጅ የሚያደርገው ይህንኑ አይደለምን?

እንግዲህ ከነዚህ ሁሉ አራት ነገሮች እናገኛለን።

1ኛ. ማሳነስ፤ የዕለቱን ትምህርት በአንድ ሰሌዳ ላይ የሚበቃ ያህል ማድረግ።
2ኛ. መሥራት፤ ከማየትና ከመስማት አልፎ በእጅም በአፍም ማድረግ።
3ኛ. መታረም፤ ሳያዩ ሞክሮ ከትክክለኛው ጋር ማመሳከር፣ ወይም ለሚያውቅ ሰው ማሳየት።
4ኛ. መደጋገም፤ በማግሥቱ፣ በሦስተኛው ቀን፣ በሳምንቱ ወደ ኋላ ተመልሶ መሞከር።

አሁን እነዚህ አራቱ በየሙያው እንዴት እንደሚሠራባቸው እንመልከት።

ሀ. እንግሊዝኛ

ከ9ኛ ክፍል ጀምሮ ትምህርታችን በእንግሊዝኛ ስለ ሆነ ይህን ቋንቋ አለማወቅ ፊዚክሱንም ታሪኩንም አለማወቅ ይሆናል። ብዙ ሰው የሚጀምረው ግን ትልቅ መዝገበ ቃላት ገዝቶ ከመጀመሪያው ገጽ ነው። ይህ ዓይነት ሰው ‹‹ለ›› ላይ ሳይደርስ ‹‹ሀ››ን እንደሚረሳ የታወቀ ነው።

ቋንቋ እንዴት እንደሚጀመር ለማየት የሰንበቴን ገበያ መመልከት ይበቃል። በዚያ ገበያ አማራው፣ ኦሮሞው፣ አርጎባውና አፋሩ ይገናኛሉ። ፍየል የሚሸጥ ሰው የገዢውን ቋንቋ ሰዋስው አጥንቶ አይመጣም፤ ሰላምታውን፣ ቁጥሩን፣ ‹‹ስንት ነው?››፣ ‹‹ቀንስ››፣ ‹‹ጨምር›› የሚሉትን ይዞ ይጀምራል፤ በዕለቱ የሚያስፈልጉትን ቃላት በዕለቱ ስለሚሠራባቸው አይረሳቸውም። የእንግሊዝኛም መንገድ ይኸው ነው። ማይክል ዌስት የተባለ መምህር በ1953 እ.ኤ.አ. ለተማሪዎች ይበልጥ የሚጠቅሙ 2,000 ያህል የእንግሊዝኛ ቃላትን መርጦ አሳተመ። እነዚህ ቃላት በአንድ ተራ ጽሑፍ ውስጥ ካሉት ቃላት 80 ከመቶ ያህሉን ይሸፍናሉ። በቀን 5 ቃል የሚይዝ ተማሪ 2,000ውን በ400 ቀን ይጨርሳል፤ ይህም ከ9ኛ ክፍል መግቢያ እስከ 10ኛ ክፍል መጀመሪያ ያለው ጊዜ ነው።

ይሁን እንጂ ቃል ብቻውን ቋንቋ አይሆንም። በአማርኛ ‹‹ተማሪው ማሾ ሸጠ›› ስንል ግሡ ከመጨረሻ ይገባል፤ በእንግሊዝኛ ግን አደራደሩ ‹‹ተማሪው ሸጠ ማሾ›› እንደ ማለት ነው። ስለዚህ አዲስ ቃል ሲገኝ ለብቻው ከመጻፍ ይልቅ በአጭር ዓረፍተ ነገር ውስጥ አግብቶ መጻፍ ይሻላል። ድምፁም እንዲሁ ጥንቃቄ ይፈልጋል። የእኛ ፊደል እንደሚነገረው ይጻፋል፤ የእንግሊዝኛው ግን ተጽፎ የማይነገር ፊደል ያበዛል። ‹‹ናይፍ›› የሚለው ቢላዋ ማለት የሆነው ቃል ሲጻፍ ከፊቱ የማይሰማ ‹‹ኬ›› አለበት። መርከብ የሚለው ቃልና በግ የሚለው ቃልም በፊደላችን ቢጻፉ ሁለቱም ‹‹ሺፕ›› ይሆናሉ፤ በእንግሊዝኛ ግን የመርከቡ ድምፅ አጭር፣ የበጉ ረዥም ነው። ይህንን በጆሮ ካልሰሙትና በአፍ ካልሞከሩት መጽሐፍ ብቻውን አያስተምረውም።

የዕለቱ ሥራ እንዲህ ሊሆን ይችላል። ከመማሪያ መጽሐፋችሁ 5 መስመር ምረጡ። ድምፃችሁን ከፍ አድርጋችሁ ሦስት ጊዜ አንብቡ። መጽሐፉን ዘግታችሁ የምታስታውሱትን በእንግሊዝኛ ጻፉ። ከዚያ ከፍታችሁ አመሳክሩና የሳታችሁትን በቀይ አርሙ። በማግሥቱ ወደ አዲስ 5 መስመር ከመሄዳችሁ በፊት የትናንቱን ሳታዩ ጻፉ። ይህ አሠራር የአሜሪካው ቤንጃሚን ፍራንክሊን በወጣትነቱ ካደረገው ጋር ይመሳሰላል። ፍራንክሊን በ10 ዓመቱ ከትምህርት ቤት ወጥቶ በማተሚያ ቤት የተለማመደ ልጅ ነበር። ስፔክቴተር ከተባለው መጽሔት ጥሩ ጽሑፍ መርጦ አሳቡን በአጭሩ ይመዘግባል፤ ከጥቂት ቀናት በኋላ መጽሔቱን ሳያይ በራሱ ቃል እንደ ገና ይጽፈዋል፤ ከዚያ ከዋናው ጋር አስተያይቶ ስሕተቱን ያርም ነበር። በኋላም ከአገሩ ታላላቅ ጸሐፊዎች አንዱ ለመሆን በቃ።

መናገርን በተመለከተ ትልቁ እንቅፋት እፍረት ነው። አንዱ ሲናገር ሌላው ይስቅበታል፤ የተሳቀበትም አፉን ይዘጋል። አባቶቻችን ‹‹ካለመናገር ደጃዝማችነት ይቀራል›› ያሉት ለዚህም ይሆናል። ሁለት ጓደኛሞች ላለመሳሳቅ ቃል ተገባብተው በቀን 10 ደቂቃ ብቻ በእንግሊዝኛ ቢነጋገሩ፣ ብቻውን አንድ ሰዓት ከሚያነብ ሰው አንደበታቸው ቶሎ ይፈታል።

ለ. የኮምፒዩተር ፕሮግራም

ፕሮግራም ማለት ለማሽን የተጻፈ፣ ቅደም ተከተል ያለው ትእዛዝ ነው። ማሽን እንደ ሰው አይገምትም። ሰውን ‹‹ቡና አፍላ›› ብትሉት ውኃውን ቀድቶ፣ እሳቱን አያይዞ፣ ጀበናውን ይጥዳል። ማሽን ግን ጀበናውን ጣድ ካላላችሁት አይጥድም፤ አውርድ ካላላችሁትም እስኪያርር ይጠብቃል። ስለዚህ ኮዲንግ መማር ማለት ከሁሉ አስቀድሞ አንድን ሥራ ወደ ትንንሽ እርምጃዎች መከፋፈልን መማር ነው።

ይህንንም ለመጀመር ኮምፒዩተር አያስፈልግም። ኤዳ ላቭሌስ የተባለችው እንግሊዛዊት በ1843 እ.ኤ.አ. ቻርልስ ባቤጅ ላሰበው የሒሳብ ማሽን የትእዛዝ ቅደም ተከተል ጽፋ አሳተመች። ማሽኑ ግን ተሠርቶ አላለቀም ነበር። በዓለም የመጀመሪያው ፕሮግራም ነው የሚባለው እንግዲህ በወረቀት ላይ የተጻፈ ነው። ኮምፒዩተር የሌለው የሸዋ ሮቢት ተማሪ ከዚህ መጽናናት ይችላል።

ለመጀመሪያ መልመጃ በውጭ አገር መጻሕፍት ‹‹የኢትዮጵያ ማባዣ›› ተብሎ የሚጠራውን የስሌት ዘዴ እንውሰድ። በዚህ ዘዴ ለማባዛት የሚያስፈልገው ማጋመስ፣ እጥፍ ማድረግና መደመር ብቻ ነው። 13 ከረጢት ማሾ አለ፤ እያንዳንዱ 24 ኪሎ ይመዝናል፤ ጠቅላላው ስንት ነው? ትእዛዙ እንደሚከተለው ይጻፋል።

1. 13ን በግራ፣ 24ን በቀኝ ጻፍ።
2. የግራውን አጋምስ፤ ትርፍ ቢኖር ተወው።
3. የቀኙን እጥፍ አድርግ።
4. የግራው 1 እስኪሆን ድረስ 2ኛውንና 3ኛውን ትእዛዝ ደጋግም።
5. በግራ በኩል ተጋማሽ ቁጥር ያለበትን መስመር ሰርዝ።
6. በቀኝ የቀሩትን ደምር።

ሲሠራ 13 እና 24፣ 6 እና 48፣ 3 እና 96፣ 1 እና 192 ይሆናል። 6 ተጋማሽ ስለ ሆነ 48 ይሰረዛል። 24፣ 96 እና 192 ሲደመሩ 312 ኪሎ ይሆናል። በነዚህ ስድስት መስመሮች ውስጥ የፕሮግራም ሦስቱ ምሰሶዎች ይገኛሉ፤ በተራ መፈጸም፣ እስከዚህ ድረስ ደጋግም ማለት፣ እንዲህ ከሆነ እንዲህ አድርግ ማለት። ወረቀታችሁን ሒሳቡን ለማያውቅ ታናሽ ወንድማችሁ ስጡት፤ ሳይጠይቃችሁ ከሠራው ትእዛዛችሁ ትክክል ነው፤ ከቆመ የቆመበት መስመር ስሕተት አለበት። መታረም ማለት ይኸ ነው።

ከዚያ በኋላ ወደ ማሽኑ መሄድ ይቻላል። ለጀማሪ የሚስማማ ስክራች የሚባል በ2007 እ.ኤ.አ. የወጣ ፕሮግራም አለ፤ ትእዛዞቹ እንደ ጡብ እየተደረደሩ ይሠራሉ፤ በአማርኛም ሊታዩ ይችላሉ፤ አንድ ጊዜ ከተጫነ ያለ ኢንተርኔት ይሠራል። ቀጥሎ ፓይተን የሚባለውን፣ በ1991 እ.ኤ.አ. የወጣውን ቋንቋ መጀመር ይቻላል። መንግሥታችን ከተባበሩት ዓረብ ኤምሬቶች ጋር በሐምሌ ወር 2016 ዓ.ም. የጀመረው ‹‹የአምስት ሚሊዮን ኮደሮች›› ሥልጠናም በኢንተርኔት በነጻ እንዲሰጥ የተዘጋጀ ነው። ትምህርቱ ግን በእንግሊዝኛ ስለ ሆነ ከዚህ በላይ በ‹‹ሀ›› የተናገርነው ሥራ ለዚህም መሠረት እንደሚሆን ልብ በሉ።

በማሽን ላይ ለሚሠራ የመጀመሪያ ሥራ ደግሞ የገዛ ፊደላችንን እናቅርብ። ኮምፒዩተር የሚያውቀው ቁጥር ብቻ ስለ ሆነ ለያንዳንዱ ፊደል ቁጥር ተሰጥቶታል። ዩኒኮድ የተባለው ዓለም አቀፍ የፊደል መዝገብ በ1999 እ.ኤ.አ. በወጣው እትሙ የእኛን ፊደል አስገባ። በዚህ መዝገብ ‹‹ሀ›› 4608፣ ‹‹ሁ›› 4609፣ ‹‹ሂ›› 4610 እያለ ይሄዳል፤ ‹‹ለ›› 4616፣ ‹‹ሐ›› 4624፣ ‹‹መ›› 4632 ነው። ለያንዳንዱ ቤት 8 ቦታ ተመድቧል ማለት ነው። ስለዚህ ‹‹ሞ›› 7ኛ እንደ መሆኑ 4632 ላይ 6 ሲጨመር 4638 ይሆናል። አንድ የግዕዝ ፊደል ሲሰጠው ሰባቱን ሆሄያት የሚያወጣ ፕሮግራም ለመጻፍ ጥቂት መስመር ይበቃል። ይህ ሕግ ከ‹‹ሀ›› እስከ ‹‹ቀ›› ባሉት 9 ቤቶች ያለ ጉድለት ይሠራል፤ ከዚያ ወዲያ ግን እንደ ‹‹ቈ›› ያሉ ዲቃላ ፊደላት በመካከል ስለሚገቡ አዲስ ቅድመ ሁናቴ ይጠይቃል። ተማሪው ይህን ሲያገኝ ማሽኑ ተበላሸ አይበል፤ ሕጉን ማስፋት የፕሮግራም ጸሓፊ የዕለት ተዕለት ሥራ ነውና።

ከሁሉ በላይ መጠንቀቅ ያለባችሁ ከማየት በሽታ ነው። ሌላ ሰው ሲጽፍ የሚያሳይ ቪዲዮ ሦስት ሰዓት የሚያይ ሰው ሁሉ የገባው ይመስለዋል፤ ባዶ ገጽ ሲሰጠው ግን አንድ መስመር አይወጣውም። 10 ደቂቃ ካያችሁ 20 ደቂቃ ዘግታችሁ ጻፉ።

ሐ. የወጥ ቤት ሥራ

ወጥ መሥራት የሴት ልጅ ሥራ ብቻ ነው የሚል ወንድም ቢኖር፣ ነገ ለሥራም ለትምህርትም ከቤት ወጥቶ በአዲስ አበባ ወይም በደብረ ብርሃን አንዲት ክፍል ሲከራይ ሆዱ ራሱ ይመልስለታል። ለዚህ ሙያ ጀማሪን የሚያሰንፈው በዶሮ ወጥ መጀመሩ ነው። ዶሮ ወጥ ብዙ ሽንኩርት፣ ረዥም ሰዓትና ልምድ ያለው ዓይን ይፈልጋል፤ የሙያው ዳዊት ነውና ፊደል ሳይቆጥሩ አይደረስበትም።

ፊደሉ ንፍሮ ነው። አካባቢያችን በማሾ የታወቀ ስለ ሆነ አንድ ብርጭቆ ማሾ ለቅማችሁ አጥባችሁ፣ በሦስት ብርጭቆ ውኃ ጣዱት፤ ከ30 ደቂቃ በኋላ በየ5 ደቂቃው አንድ ፍሬ አውጥታችሁ በጣት ፍረጡ፤ ሲለሰልስ ጨው ጨምራችሁ አውርዱ። በዚህ ሥራ የሚለመደው እሳትን መመጠንና ጊዜን መጠበቅ ነው። ይኸው ንፍሮ በደብረ ብርሃን ቢሠራ ይዘገያል። ሸዋ ሮቢት ከባሕር ወለል በላይ 1,300 ሜትር ያህል ላይ ስለምትገኝ ውኃ ወደ 96 ዲግሪ ገደማ ሲደርስ ይፈላል፤ በደብረ ብርሃን ግን ከ2,700 ሜትር በላይ ስለ ሆነ በ91 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። የፈላ ውኃ ሁሉ እኩል አይሞቅም። ስለዚህ ከሌላ አገር የተጻፈ የምግብ አሠራር ሰዓቱን እንዳለ አትቀበሉት፤ ሞክራችሁ በደብተራችሁ ላይ የራሳችሁን ሰዓት ጻፉ።

አቡጊዳው ሽሮ ነው። አንድ ራስ ሽንኩርት አድቅቃችሁ ክተፉና በመካከለኛ እሳት ያለ ዘይት አቁላሉት፤ ሲደርቅ ጠብ እያደረጋችሁ ውኃ ጨምሩ። ሽንኩርቱ ሲለሰልስና ሲቀላ ሦስት ማንኪያ ዘይትና ጥቂት ነጭ ሽንኩርት ጨምሩ። ሁለት ብርጭቆ ውኃ አድርጉበትና ሲፈላ አምስት ማንኪያ ምጥን ሽሮ በአንድ እጅ እየነሰነሳችሁ በሌላው እጅ ሳታቋርጡ አማስሉ። እሳቱን ቀንሳችሁ 15 ወይም 20 ደቂቃ ካንተከተከ በኋላ ጨው ጨምሩ። ከጓጎለ ዱቄቱን በአንድ ጊዜ ስለ ጨመራችሁት ነው፤ ጥሬ ጥሬ ካለ ቶሎ አውርዳችሁታል፤ ካረረ እሳቱ በዝቷል። በአንድ ሳምንት ውስጥ ሦስት ጊዜ አንዱን ሽሮ ብቻ የሠራ ሰው፣ በሦስት ቀን ሦስት ዓይነት ወጥ ከሞከረ ሰው ይልቅ ይማራል።

ንባቡ እንጀራ ነው። የጤፍ ዱቄት በውኃና በእርሾ ተቦክቶ ሁለት ወይም ሦስት ቀን ይቆያል፤ ከላይ የቆመው ውኃ ይደፋል፤ ከሊጡ ጥቂት ተወስዶ በፈላ ውኃ አብሲት ይጣልና ወደ ሊጡ ይመለሳል። ኩፍ ሲል በጋለ ምጣድ ላይ ከዳር ወደ መሐል ይጋገራል፤ ዓይን ሲያወጣ በአክንባሎ ይከደናል፤ ዳሩ ሲነሣ ይወጣል። ሊጡን የሚያቦኩት በዓይን የማይታዩ ሕያዋን ሙቀት ስለሚወዱ በእኛ ቆላ ከደጋ ይልቅ ቶሎ ይቦካል፤ ስለዚህ ቀኑን ብቻ ከመቁጠር ሊጡን ራሱን ማየትና ማሽተት ይሻላል። ዓይን አልወጣ ካለ ወይ ሊጡ አልቦካም፣ ወይ ምጣዱ አልጋለም።

በዚህ ሙያ አራሚ ማግኘት አይቸግርም፤ በየቤቱ እናት ወይም አክስት አለች። ነገር ግን ‹‹ወጥ አስተምሪኝ›› ብሎ በደፈናው የሚጠይቅ ልጅ ‹‹ሙያ በልብ ነው›› ተብሎ ይመለሳል። ‹‹እትዬ፣ ይህ ሽሮ የጓጎለብኝ ለምንድን ነው?›› ብሎ የሠራውን ይዞ የሚቀርብ ግን ወዲያው መልስ ያገኛል። ለእንግሊዝኛው መምህራችሁም፣ ኮምፒዩተር ለሚያውቀው ጋሼም ይኸው አጠያየቅ ይሠራል። ሠርታችሁ ጠይቁ፤ ለይታችሁም ጠይቁ።

ለጀማሪ ጥቂት ማስጠንቀቂያ

አንደኛ፣ ሦስቱን ሙያዎች በአንድ ሳምንት አትጀምሩ። አንዱን መርጣችሁ ለአንድ ወር፣ በቀን 30 ደቂቃ ብቻ ያዙት። ከሠላሳው ደቂቃ 5ቱ ለትናንቱ፣ 20ው ለዛሬው፣ 5ቱ ስሕተትን በደብተር ለመመዝገብ ይሁን። በሳምንቱ ሰባተኛ ቀን አዲስ ነገር አትጨምሩ፤ የስድስቱን ቀን ሥራ ሳታዩ ሞክሩ።

ሁለተኛ፣ ምስክር ወረቀትን ከሙያ ጋር አታደናግሩ። ወረቀቱ ይጠቅማል፤ ዳሩ ግን የሚያሠራ ሰው ‹‹እስቲ ሥራ›› ያለ ዕለት መልስ የሚሰጠው እጅ ነው።

ሦስተኛ፣ አንድ ወር ባለሙያ አያደርግም፤ ሥራም በማግሥቱ አያስገኝም። አንድ ወር የሚያስገኘው አንድ ያለቀ ነገር ነው፤ 130 ያህል የእንግሊዝኛ ቃል፣ የሚሠራ ትንሽ ፕሮግራም፣ ለእንግዳ የሚቀርብ ሽሮ። ይህን አንድ ጊዜ ያየ ተማሪ ‹‹ለእኔ አልተፈጠረም›› የሚለውን ቃል መናገር ይከብደዋል። ሁለተኛውን ሙያ ሲጀምርም መንገዱን ያውቀዋልና ግማሽ ድካሙ ይቀልለታል።

እንግዲህ ተማሪ ወንድሞቼና እኅቶቼ ሆይ፤ የብሔራዊ ፈተናው ውጤት ለአንዳችን ደስታን፣ ለሌላችን ኀዘንን ይዞ ይመጣ ይሆናል። ያለፈውም የወደቀውም ግን ነገ አንድ የማያውቀውን ነገር ከመጀመሪያው መማር ግዴታው ነው። ዛሬ ማታ ሰሌዳችሁን አውጡ፤ አምስት መስመር ብቻ ጻፉበት። ሳታዩ እስክትወጡት ድረስም አትጠቡት።